ከልካዩ ዓለምሰገድ

ዓለምሰገድ የሚኖረው እንግሊዝ አገር፣ ሼፈርድስ ቡሽ፣ እኔ ባለሁበት ቤት፣ ከእኔ ቀጥላ ባለችው ክፍል ነው። ግድግዳችን ስስ ነው። የስልኩ ማዳመጫ ከተበላሸ ቆይቷል፤ ማሠራት ስለሚሰለቸው ሁልጊዜ ስፒከር ከፍቶ ነው የሚያወራው። ስለዚህ ይህን ሁሉ ከየት አወቅሽ የሚለኝ ካለ፣ አልሰለልኩም፤ ጆሮ ስላለኝ ነው።

ሥራው ሂትሮው አየር ማረፊያ ነው፤ የመንገደኛ ሻንጣ ይፈትሻል። ቀኑን ሙሉ «ይህ አያልፍም» ሲል ይውላል። መቀስ አያልፍም፤ አንዲት ሴትዮ ለልጇ የያዘችው የማር ብልቃጥ አያልፍም። ክልከላ እንጀራው ነው። ቤት ሲገባ ግን እንቢ ማለት የማያውቅ ሰው ነው። ሽንኩርት ክተፍልኝ ስለው ይከትፋል፤ እያለቀሰም ቢሆን ይጨርሰዋል።

ከሚስቱ ከዲና ከተለያዩ ሦስተኛ ዓመታቸውን ይዘዋል። እሷ ከልጃቸው ከብፅዓት ጋር ክላፋም ትኖራለች። ዲናን አልፈርድባትም። በተለያዩ ሰሞን ይኸው ሽንኩርት ከታፊ ሌት ተቀን እየደወለ ነገር ሲቆሰቁስ፣ ሲሳደብ፣ ተመልሶ ይቅርታ ሲል መድረሻ አሳጥቷት ነበር። በመጨረሻ ሽማግሌ ተቀመጠ። የንስሐ አባቱ አባ ስምዖንም በሽማግሌዎቹ ፊት ገዘቱት፤ ዲና ራሷ ይፈታ እስክትል ድረስ ወደዚያ ቤት እንዳይሄድ፣ እንዳይደውልም። ልጅቷ ግን ጉዳይ ሲኖራት ትደውልለት ተባለ። በወር አንድ ቀን ምግብ ቤት ይገናኛሉ፤ የዲና እህት እህተማርያም እንደ ዘብ አጠገባቸው ትቀመጣለች። እዚያ ብፅዓት ሳህኗን እያየች «ፋይን» ከማለት በቀር ቃል አይወጣትም።

የሥራ ባልደረባው ከሊል ይስቅበታል። የእንግሊዝ ፍርድ ቤት ያልከለከለህን ልጅ ቄስ ስለተናገሩ ትተዋለህ ወይ ይለዋል። ዓለምሰገድ ግን ግዝት ይፈራል። ሰው ልኮ ዲናን ከግዝቱ ፍቺኝ እንዳይላት ደግሞ ኩራቱ አይለቀውም። በዚህ በኩል ግዝት፣ በዚያ በኩል ኩራት፤ መሀል ላይ ቁጭ ብሎ ስልኩን ያያል። አንድ ቀን እሱ ሥራ ላይ፣ ስልኩ ሎከር ውስጥ እያለ ብፅዓት ደውላ ነበር። ሲወጣ ያመለጠውን ጥሪ አየ፤ መልሶ መደወል አይችልም። ለምን እንደደወለች እስከ ዛሬ አላወቀም። ከዚያ ወዲህ ምድር ውስጥ ኔትወርክ ይጠፋል ብሎ ባቡር ትቶ በአውቶቡስ ነው የሚመላለሰው። እረፍት ቀኑንም ከክፍሉ አይወጣም።

ለመሆኑ የምትደውልለት በምን ጉዳይ ነው? በታብሌት ጉዳይ ነው። ታብሌቱን የገዛላት እሱ ነው፤ ገና አብረው ሳሉ። የልደት ቀኗን ሞልቶ፣ አካውንቷን ከራሱ ሥር አስገብቶ፣ እሱ ካልፈቀደ አንድም ጌም እንዳይጫን አድርጎ አዘጋጀላት። ሲለያዩ ዕቃ ተካፈሉ፤ ይህን ግን ማንም አላስታወሰም። ብፅዓት ክላፋም ሆና አንድ ጌም ልጫን ስትል ጥያቄው ሂትሮው ድረስ ይመጣል። ስልኩ ላይ ሁለት ነገር ይወጣል፤ ፍቀድ፣ ከልክል።

መጀመሪያ ላይ ዓይኑን ሳያሽ ይፈቅድ ነበር። የፈለገውን ያገኘ ልጅ ደግሞ ለምን ይደውላል? ሳምንት ዝም፣ ወር ዝም። አንድ ቀን አውቶቡስ ውስጥ ቆሞ ሲሄድ ጣቱ ስታ ከልክል የሚለውን ነካች። ወዲያው ስልኩ ጮኸ።

«አባቢ፣ ዋይ? ምን አጠፋሁ?»

ተሳስቼ ነው ሊላት ነበር። ግን ከ«ፋይን» ሌላ ድምጿን ከሰማ ወር አልፎት ነበርና አላላትም፤ ማስታወቂያ ያበዛል አላት። ተከራከረችው። ከጌሙ ወደ ትምህርት ቤት፣ ከትምህርት ቤት ጥርሷ ላይ ወደሚታሰረው ሽቦ ተሻገሩ። መውረጃው አልፎት ሄደ፤ አልቆጨውም። ከዚያን ቀን ጀምሮ ፍቀድ የምትለውን ነክቷት አያውቅም ነበር። ጥያቄው ሲመጣ ያቆየውና ቤቱ ገብቶ፣ ጫማውን አውልቆ፣ ስልኩን ፊቱ አስቀምጦ ይከለክላል።

ለመከልከል ደግሞ ምክንያት ያስፈልጋል። ብፅዓት ጠበቃ ናት፤ ዝም ብሎ እንቢ አይሠራም። ስለዚህ የጠየቀችውን ሁሉ አንድ አሮጌ ታብሌት ላይ ይጭንና ራሱ ይጫወተዋል። አንድ ቀን እኔ ሽሮዬን ሳማስል እሱ የማድ ቤቱ ጠረጴዛ ላይ ተደፍቶ ድመት ያጥባል። ሃምሳ አንድ ዓመቱ ነው። አጥቦ ሲጨርስ ሪባን አሰረላት። ቀጥሎም፣ «እትዬ ወርቅዬ፣ ይኸ ጌም ከማታውቀው ሰው ጋር ያገናኛታል፤ ጥሩ አይደለም» አለኝ ከልቡ። ታብሌቱ ሲሞላበት አንዱን ያጠፋና ሌላውን ይጭናል። ይኸኛው የካርድ ቁጥር ይጠይቃል፣ ያኛው ባትሪ ይበላል፣ ይህ ደግሞ ካልከፈሉት አያሳልፍም እያለ ያጠናል። ትምህርቱን እንዲህ ይዞት ቢሆን ኖሮ ዛሬ ዶክተር ነበር።

ስትደውልለት ደስታው ግድግዳውን አልፎ ይሰማኛል። ግን ሙሉ ደስታ አልነበረም። «አንተ ሁሌ ኖ ነህ» ትለዋለች። ጓደኛዬ ቢታንያ አባቷ ሁሉን ይፈቅድላታል፣ የኔ አባት ብቻ ነው እንዲህ ትለዋለች። አንዴ ከልጅቷ ጀርባ የዲና ድምፅ ድሮም እንዲህ ነው፣ ተይው ሲል ሰማሁ። ያን ቀን እራቱን አልበላም። ከፈቀደ ድምጿ ይጠፋበታል፤ እየከለከለ ከኖረ ደግሞ ልትጠላው ነው። አጣብቂኝ ውስጥ ገብቶ፣ ያንኑ አጣብቂኝ በየሳምንቱ በገዛ ጣቱ ያጠብቀዋል።

ዘንድሮ ደግሞ ጥያቄዎቹ መልካቸውን ለወጡ። ፊደል የሚያስቆጥር፣ ዳክዬ ቀለም የሚያስቀባ፤ የሦስት ዓመት ሕፃን የሚጫወተው። ዐሥራ ሦስት ዓመት ሊሞላት የደረሰች ልጅ ምን ልታደርገው ነው ብሎ ጠየቀኝ። የአክስቷ ልጅ ሲመጣ ልታጫውትበት ይሆናል አልኩት። ለዕድሜሽ አይመጥንም ብሎ ከለከላት። እሷም ስለ ዳክዬ ቀለም ረጅም ሙግት ገጠመችው፤ እሱም አልተሸነፈም።

ከፋሲካ በኋላ አንድ መልእክት መጣለት። ልጅዎ ዐሥራ ሦስት ዓመት ሊሞላት ነው፤ ከዚያ ወዲያ በወላጅ ሥር መቆየት ወይም አካውንቷን ራሷ ማስተዳደር የእሷ ምርጫ ይሆናል ይላል። ደጋግሞ አነበበው። ከዚያ እኔም እንዳነበው ስልኩን ሰጠኝ፤ እኔ ሳነበው ሌላ ነገር የሚል መስሎት።

«ከልካይን ማን ያቆያል፣ እትዬ ወርቅዬ?» አለኝ።

አዘንኩለት። ተናደድኩበትም። ሰው ልከህ ዲናን ለምናት፣ ኩራት ራት አይሆንም አልኩት። ጣሪያውን አየ። እንግዲያው ልጅቷ ሳታሰናብትህ አንድ ነገር እንኳ ፍቀድላት፣ ስም ከመቃብር በላይ ይውላል አልኩት። ያን ጊዜ ዓሣ የሚመግቡበት አንድ ጌም መልስ እየጠበቀ ነበር። ከትናንት ጀምሮ ምክንያት ሲያጠናለት ነው የዋለው፤ ዓሦቹን ሁለት ጊዜ በረሃብ ጨርሷቸዋል። ጣቱን ሱሪው ላይ ጠረገና ፍቀድ የምትለውን ነካት።

«በቃ» አለኝ። «ከእንግዲህ አትደውልም።»

ድንች እየላጥን ተቀመጥን። አንዱን ድንች ልጦ ልጦ የባቄላ ፍሬ ያህል አደረገው፤ እንዳላየ ሆኜ የራሴን ላጥኩ። ስልኩ ሲጮህ ቢላዋው ከእጁ ወደቀ።

መጀመሪያ ትንፋሿ ብቻ ነበር የሚሰማው። እያለቀሰች ነበር።

«አባቢ፣ ለምን ፈቀድክልኝ?»

«ፈልገሽው አይደል እንዴ፣ የኔ እናት?»

«አልፈልገውም። ኢትስ ፎር ቤቢስ።»

«ታዲያ ለምን ጠየቅሽኝ?»

«ትከለክለኛለህ ብዬ ነዋ። ማሚ ጉዳይ ሲኖርሽ ብቻ ደውዪ ነው የምትለው። ከፈቀድክልኝ ጉዳይ የለኝም።» አፍንጫዋን ሳበች። «ሁሉንም የጠየቅኩት ለዛ ነው። ዳክዬውንም። አሁን ግን ፈቀድክ። ከኔ ጋር መከራከር ደከመህ እንዴ?»

ዓለምሰገድ ስልኩን ወደ እኔ ዘርግቶ፣ አንዴ የተፈቀደ ጌም የሚዘጋው የቱ ጋ እንደሆነ በምልክት ጠየቀኝ። እኔ ምን አውቄ? እንባው መነጽሩን እየሸፈነበት ራሱ መፈለግ ጀመረ። አንዱን ከፈተ፣ ዘጋ፣ ሌላውን ከፈተ። ልደቷ በሚቀጥለው ወር ነው፤ ግዝቱም አልተፈታም፤ ዲናም እዚያው ልጅቷ ዘንድ፣ ከግድግዳ ማዶ አለች። በእጁ የነበረው ነገር ይኸው አንዱ ብቻ ነበር። አገኘውና ዘጋው።

«ከልክዬሻለሁ» አላት።

ወንበር ሲጎተት፣ ልጅቷም ተመቻችታ ስትቀመጥ ተሰማኝ።

«ኦኬ» አለችው። «አሁን ለምን እንደከለከልከኝ አስረዳኝ። ቀስ ብለህ።»