የአርሴማ ዝምታ

አፀደ ፈሪ አልነበረችም። አየር ማረፊያ ጽዳት ስትሠራ አለቃዋን በተሰባበረ ጀርመንኛዋ ቁጭ ብድግ ስታሰኘው በዓይኔ አይቻለሁ። በ2011 የፈረንጆች ጸደይ ግን ከልጇ ትምህርት ቤት የመጣች አንዲት ደብዳቤ አስደነገጠቻት። የዘጠኝ ዓመቷ አርሴማ አራት ወር ሙሉ ትንፍሽ ስላላለች፣ ወደ ልጆችና ወላጆች ምክር መስጫ ይዘሻት ነይ ትላለች ደብዳቤዋ።

ምክንያቱን አፀደ ታውቃለች። ጎህ ሳይቀድ ሥራ ትገባለች፤ ልጇን ለትምህርት ቤት ልታስነሣ እስክትመለስ ድረስ ግሪስሃይም ሰፈር ያለውን ቤቷን ከውጭ ትቆልፍባት ነበር። አንድ ቀን ከሕንፃው ምድር ቤት ጭስ ተነሣና ጎረቤቱ ሁሉ ወጣ። አፀደ ስትመለስ አርሴማን ያገኘቻት በር ስትደበድብ እጇ አብጦ፣ በሩ ሥር ተኮራምታ ነው። ከዚያ ወዲህ ቤትም ትምህርት ቤትም ዝም አለች።

«ይህን ከሰሙ ልጄን ይወስዱብኛል» ብላ እንቅልፍ አጣች። እኛ ሀበሾች ልጇ ስለተወሰደባት ሴት የማናወራው የለም፤ ሴትዮዋን ያየ ሰው ግን እስከ ዛሬ አላገኘሁም።

ለቴርሚኑ፣ ለቀጠሮው ማለቴ ነው፣ አስተርጓሚ እንመድብልሽ ቢሏት እምቢ ብላ አርሴማንና ጋሽ ኃይለ መስቀልን ይዛ ሄደች። በተማሪነት መጥተው እዚሁ ጡረታ የወጡ መሐንዲስ ናቸው፤ የተጣላ ባልና ሚስት ሁሉ ሽማግሌ። የሽማግሌ ሥራ ደግሞ ነገር ማብረድ ነው።

የሆነውን የነገሩኝ እሳቸው ናቸው። የምክር መስጫው ባለሙያ «ቤት ውስጥ ምን ተፈጠረ?» ስትል አፀደ ፈነዳች። «እኔ ነኝ ጋሼ! ቆልፌባት እየሄድኩ! ይንገሯት!»

ጋሽ ኃይለ መስቀል ጉሮሯቸውን ጠረጉ። «ልጅቷ ከድሮም ዓይን አፋር ናት ትላለች» አሉ በጀርመንኛ። ይህን ያህል ጀርመንኛ አፀደ ይገባታል። አላረመቻቸውም። እፎይ አለች፤ እፎይ በማለቷም አፈረች።

«እንደዚያ አላለችም» አለች አርሴማ፣ እሷም በጀርመንኛ። «ማማ በሩን ትቆልፍብኛለች።»

ድምጿን ለመስማት አራት ወር ስለት ስትሳል የከረመች እናት አፏን ልትይዝባት ተነሣች። ግን መልሳ ተቀመጠች። ወደ ባለሙያዋ ዞራ «ልትወስዷት ነው?» አለች፤ ይህንን ጋሽ ቃል በቃል ተረጎሙት።

ባለሙያዋ ረጋ ብላ መለሰች። አርሴማ ጋሽን ቀደመቻቸውና በአማርኛ፣ «አይወስዱኝም። ጠዋት ጠዋት አብሮኝ የሚሆን ሰው እንፈልጋለን ነው ያለችው» አለች። ቀጥላም፣ «ሁለተኛ ከቆለፍሽብኝ ግን ይወስዱኛል።»

ባለሙያዋ ይህን የመጨረሻውን ፈጽሞ አላለችም። አፀደ ወደ ጋሽ ዞረች።

«እንደዚያ አለች ጋሼ?»

«አዎ ልጄ» አሏት፣ «እንደዚያ ነው ያለችው።»