ሳልደርስ ያየኋቸው ወደቦች

ሥራ የጀመርሁ ዕለት ጋሽ ፈንቴ መጀመሪያ ያስያዙኝ መሪውን አልነበረም፤ ባልዲ ነው። የጀልባዋ ባለቤትም ካፒቴንም እሳቸው ነበሩ። «ከሆዷ ውሃ ቅዳ። ውሃ ያልቀዳ መሪ አይዝም» አሉኝ። ከባሕር ዳር ወደብ እስከ ደቅ ድረስ ስቀዳ ሄድሁ። በዚያን ቀን ከጣና ያየሁት ባልዲዬ ውስጥ የገባውን ብቻ ነው።

ስንመለስ ክንዴ ዝሎ ሲያዩኝ አዘኑልኝ መሰል፣ «ና እስቲ ያዛት» ብለው መሪውን ለቀቁልኝ። በእጅ ብዛት የለሰለሰ የእንጨት መሪ ነበር። እንደያዝሁት ወደቡ ታየኝ። ገና መሀል ሐይቅ ላይ ነን። አንድ ጋሪ በስተኋላው ውሃ ውስጥ ገብቷል፣ ባለጋሪው ሱሪውን ጠቅልሎ ፈረሱን ይጎትታል፣ ሰው ይስቃል።

«ጋሽ ፈንቴ፣ ጋሪ ውሃ ገብቷል» አልኋቸው።

«የት?»

«ወደቡ ላይ።»

አሻግረው አዩ፤ ውሃና ሰማይ ብቻ ነው። «ፀሐይ መቶሃል። ኮፍያ ልበስ» አሉኝ። ወደቡ ስንደርስ ጋሪው ውሃ ውስጥ ነበር፣ ሰዉም ይስቃል። ጋሽ ፈንቴ ግን አልሳቁም። ገመዱን አስረው ሲጨርሱ፣ «ይህን ነገር ለሰው እንዳታወራ» አሉኝ።

ነገሩ እንዲህ ነው። መሪ ስይዝ፣ በኋላ ከማየው ሁሉ አንዱ ቅጽበት ብቻ ቀድሞ ይታየኛል። አንዳንዴ የዚያው ቀን ከሰዓት፣ አንዳንዴ የነገው። የሚታየኝ ግን ወደ ፊት በገዛ ዓይኔ የማየው ብቻ ነው። ማን እንደሚሾም፣ ሎተሪ ለማን እንደሚወጣ አላውቅም፤ እኔ ያልቆምሁበት ቦታ አይታየኝም። ድምፅም የለውም። ሰው ሲያለቅስ አያለሁ፤ ለምን እንዳለቀሰ ስደርስ ነው የምሰማው። ይህን ያዙልኝ፣ ኋላ ትፈልጉታላችሁ።

ጠንቋይ አይደለሁም። ጠበልም ገብቻለሁ። ጠበሉ የወገቤን ሕመም ወሰደልኝ፤ ይህንን ግን ተወልኝ።

ሥራውን በደረጃው ተማርሁ። ከባልዲ ወደ ሞተረኛ፣ ከሞተረኛ ወደ ረዳት፣ ከረዳት ወደ ካፒቴን። የጀልባችን ሞተር ከጭነት መኪና የወረደ ነው፣ ራዲያተሩም የመኪና ነው። ጠዋት ሞተር ከመነሣቱ በፊት ዘይቱን ታያለህ፤ ራዲያተሩን በቀዝቃዛው ከፍተህ ውሃውን ታያለህ። በቀዝቃዛው ነው ያልሁት! ይህን ስንቱን ስቆጣበት ኖሬያለሁ። ከዚያ ፕሮፔለሩ ላይ የእምቦጭ አረም እንዳልተጠመጠመ ታረጋግጣለህ። ጣና ጠዋት የዋህ ነው። ከሰዓት ነፋስ ሲነሣ ግን ሌላ ሐይቅ ይሆናል።

አንድ ቀን ያየሁትን መደበቅ አቃተኝ። ጀልባዋ ድንጋይ ላይ ወጥታ ሆዷ ተቀዶ ታየኝና፣ «ዛሬ አልወጣም» አልሁ። ቀረን። ምንም አልሆነም። ምን ይሆናል፣ ቀርተናላ! ተሳፋሪው ግን «ይህ ሟርተኛ መንገዳችንን አስቀረን» እያለ ሰደበኝ። ሳይሆን የቀረ ነገር ምስክር የለውም። ከዚያ ወዲህ አፌን ዘጋሁ። እናቴ አርጅታ ስትሞትም ለማንም ሳልናገር ሁለት ጊዜ ቀበርኋት።

አትጠገብን ያገባሁ ረዳት ካፒቴን ሳለሁ ነው። ጨዋታ አዋቂ ናት፤ እሷ ያለችበት ቤት አይቀዘቅዝም። እኔ ግን አቀዘቀዝሁት። አዲስ ቀሚስ ለብሳ «እንዴት ነው?» ስትለኝ፣ ቀሚሱን ትናንት መሪ ላይ ሆኜ አይቼዋለሁ። ፊቴ አይደነቅላትም። እንግዳ ሲያንኳኳ «እገሌ ነው» እላለሁ እንጂ «ማነው?» ብዬ አላውቅም። ሳልነግራትም ነገሩ ገባት።

«ሕይወቴን አንተ ቀድመህ ትኖርብኛለህ» አለችኝ አንድ ቀን። «ለእኔ የሚተርፈኝ ትርፍራፊው ነው።» ሻንጣዋን ይዛ በሩ ላይ ቆመች። «አትለምነኝም እንኳ?» አለች። እኔ ግን መሄዷን ከትናንት ጀምሮ አውቀዋለሁ፣ አልቅሼም ጨርሻለሁ። ሹም አቦ ሰፈር ቤት ተከራይታ ወጣች። ከዚያ በኋላ እራቴን ብቻዬን እየበላሁ ስንት ዓመት ኖርሁ። ብቸኝነት ምን እንደሆነ ልንገራችሁ፤ ነገም ማንም እንደማይመጣ ዛሬ ማወቅ ነው።

ከዚያ የደቅ ንግሥ ዋዜማ መጣ። የማግሥቱ ተራ የደሳለኝ ነበር። ደሳለኝ ካሠለጠንኋቸው ሁሉ እጁ ፈጣን ነው፣ ምላሱ ደግሞ ከእጁ ይፈጥናል። እኔ ጀልባዋን ነዳጅ ወደሚቀዳበት ላስጠጋት መሪውን ያዝሁ። ወደቡ ላይ ቆሜ ራሴን አገኘሁት። ፀሐይዋ አዘንብላለች። ታንኳዎች ውሃ የጠጣ ሰው ያወርዳሉ። ሣሩ ላይ አንዲት ሴት ተጋድማ ፊቷን በነጠላ ሸፍነዋታል። እግሯን አየሁት። የቀኝ አውራ ጣቷ በልጅነቷ ተሰብሮ የተጣመመ ነው፤ ያን ጣት አውቀዋለሁ። አትጠገብ ናት።

ጋሽ ፈንቴ ዘንድ ሮጥሁ። «ነገ ጀልባዋ አትውጣ» አልኋቸው፣ ያየሁትንም ነገርኋቸው። አርጅተው በከዘራ ቢሄዱም ጀልባዋ ገና የእሳቸው ናት።

«ነገ የሚሳፈረው የስለት ሰው ነው» አሉኝ። «ጃንጥላ፣ ምንጣፍ፣ ጧፍ ይዞ የመጣን ሰው እንዴት ብዬ ልመልሰው? ብመልሰውስ ይቀራል? በሌላው ጀልባ፣ ያም ካልተገኘ በታንኳ ይሄዳል።»

እውነታቸውን ነው። ሹም አቦ ሄጄ የአትጠገብን በር አንኳኳሁ።

«ደግሞ ምን አየህ?» አለችኝ፣ ገና ደጁን ሳልገባ።

«ነገ ቅሪ።»

«እንዳትነግረኝ!» ብላ እጇን አነሣች። «የእህቴ ልጅ ከሞት አፍ ሲመለስ የተሳልሁት ጃንጥላ ነው። ስለት አያድርም። የምሞትም ከሆነ፣ ሞቴን እንኳ ከእኔ ቀድመህ አትየው። እሱን ለእኔ ተወው።» በሩን ዘጋችው።

በሐይቁ ዳር በእግሬ ተመለስሁ። አእምሮዬ ወፍጮ ሆነ። ያየሁት ከየት ቆሜ ነው? ከወደቡ። ወደቡ ላይ ከቆምሁ፣ ጀልባዋ ውስጥ አልነበርሁም ማለት ነው። እንግዲያው ጀልባዋ ውስጥ ከገባሁ ያ ያየሁት ነገር አይሆንም። ሌላ መላ አላገኘሁም።

ጠዋት ደሳለኝን «ተራህን ስጠኝ» አልሁት።

«ምነው ጋሼ፣ ለንግሥ ከሚሄዱት መካከል ዓይንዎ ያረፈባት አለች እንዴ?»

«አለች።»

ሳቁን ዋጠው። «እንግዲያው እኔም እመጣለሁ። ባልዲ እይዝልዎታለሁ» አለኝ።

መሪውን ያዝሁ። ምንም አልታየኝም። ወደብ የለም፣ ደሴት የለም፣ ጨለማ ብቻ። እንዲህ ሆኖብኝ አያውቅም። የሞተ ሰው አያይም፤ ስለዚህ የምሞተው ዛሬ ነው አልሁ። ፈራሁ፣ አልዋሽም። ያን ጊዜ አትጠገብ ነጠላዋን አጣፍታ፣ ጃንጥላውን ታቅፋ ተሳፈረች። ሰላምታ አልሰጠችኝም። ሞተሩን አስነሣሁ።

ሄደን በሰላም ገባን። ሊመሽብን ነው እንሂድ ብል ማን ይስማኝ! «ታቦቱ መንበሩ ሳይገባ?» አሉኝ። ስንነሣ ነፋሱ ተነሥቷል፣ በሌላ ጀልባ የመጣውም ሰው እኛ ላይ ተጨምሮ ጢም ብለናል። ለሁሉም የሚበቃ የዋና ሰደርያ አልነበረንም፤ ለሽማግሌዎቹና ለእናቶች አደልሁ። አትጠገብ ሲደርሳት ለአጠገቧ አራስ ሰጠች።

በመንገዳችን ውሃው ዳር ላይ አንዲት ቤተ ክርስቲያን አለች። የእኛ ሰው ቤተ ክርስቲያን ሳይሳለም አያልፍም። ጀልባ ላይም ቢሆን ተነሥቶ፣ ወደ ደጁ ዞሮ፣ ጎንበስ ብሎ ያማትባል። ሁልጊዜ ነው፤ እኔም ኮፍያዬን አወልቃለሁ። በዚያን ቀን ግን ማዕበሉም ቤተ ክርስቲያኗም በቀኝ ነበሩ። ደጁ ሲታይ ሰዉ ሁሉ ባንድ ጊዜ ተነሥቶ ወደ ቀኝ ዞረ። ጀልባዋ ጋደለች። ውሃ በጎኗ ገባ።

ያኔ ገባኝ። ትናንት መሪ ላይ ሆኜ ያየሁትን ሰው ያሰጠመው ነፋስ ብቻ አልነበረም፣ ስግደት ነው። «ተቀመጡ!» ብዬ ጮህሁ። በቤተ ክርስቲያን ፊት ተቀመጡ የሚልን ካፒቴን ማን ይሰማዋል? ሁለተኛውም ማዕበል እየመጣ ነው።

መሪውን ወደ ቀኝ ጠመዘዝሁት፣ የጀልባዋን አፍንጫ ቀጥ አድርጌ ወደ ደጁ አዞርሁት። ሰዉም ከደጁ ጋር ዞሮ ወደ ፊት አጎነበሰ። ጀልባዋ ቀና አለች፣ ማዕበሉም ከአፍንጫዋ ላይ ለሁለት ተከፈለ። «ሰውዬው ጀልባዋንም አሳለማት!» ሲል አንድ ሽማግሌ ሰማሁት።

የሐይቁ ዳር ግን እምቦጭ ነው። ፕሮፔለሩ ላይ ተጠመጠመና ሞተሩ ያቃስት ጀመር። ራዲያተሩ ፈላ። ሞተሩ ከጠፋ ጀልባዋ ጎኗን ለማዕበሉ ትሰጣለች፣ ያኔ ሁላችንም አበቃልን። «ደሳለኝ፣ ያዛት! ከማዕበሉ አፍንጫዋን እንዳታዞር!» ብዬ መሪውን ለቅቄ ወደ ሞተሩ ወረድሁ። እስኪበርድ የሚጠበቅበት ጊዜ አልነበረም። ክዳኑን በጨርቅ ይዤ ከፈትሁት።

ያየሁት የመጨረሻ ነገር ጨርቁ ነው። ሰማያዊ ነበር።

እንፋሎቱ ፊቴን በላው። እየጮህሁ ባልዲውን በዳሰሳ አገኘሁት፤ የሐይቁን ውሃ እየቀዳሁ ሞላሁት። ደሳለኝ ፕሮፔለሩን ወደ ኋላ ወደ ፊት እያዞረ እምቦጩን አራገፈው፣ ሞተሩም ድምፁ ተስተካከለ። እኔ ወለሉ ላይ ወደቅሁ። ሁሉም ጨለማ ነው። ሞቻለሁ አልሁ። ግን ፊቴ ይነዳል፣ ሕፃን ያለቅሳል፣ ከሩቅ ሳይሆን ከአጠገቤ።

ርጥብ ነጠላ ፊቴ ላይ አረፈ። «አንተ ግትር! አንተ ግትር!» ይላል ድምፁ። አትጠገብ ናት። ነጠላዋን ሐይቁ ውስጥ እየነከረች ፊቴ ላይ ትጥላለች፣ ታለቅሳለችም። ወደቡ ስንደርስ ሣሩ ላይ ያጋደሙኝ ያንኑ ነጠላ እንደተሸፈንሁ ነው። ሰው ሁሉ በእግሩ ወረደ።

ሐኪሙ ዓይኔ እንደማይመለስ ነገረኝ። ጨለማው ሞት አልነበረም ለካ። ከዚያ ወዲያ የማየው ነገር ስላልነበረ ነው።

አሁን ጡረተኛ ነኝ። ይህን እኔ ስናገር የሚጽፈው ደሳለኝ ነው፤ «ጋሼ፣ ምላሱ ይፈጥናል ያሉትን ላጥፋው?» ብሎኛል። አታጥፋው ብዬዋለሁ።

ከሆስፒታል በወጣሁ ሰሞን ብቻዬን ተቀምጬ ሳለሁ በሩ ተንኳኳ። ማን እንደሆነ አላውቅማ! በሕይወቴ እንዲህ ደንግጬ አላውቅም።

«ማነው?» አልሁ።

ተነሥቼ በዳሰሳ ወደ በሩ ሄድሁ።

«ማነው?» አልሁ ደግሜ።

«እስቲ አንዴ ድገመው» አለች አትጠገብ ከደጅ።

ጠቅልላ አልተመለሰችም። የምትኖረው እዚያው ሹም አቦ ነው። አንዳንድ ቅዳሜ ትመጣለች፣ አንዳንድ ቅዳሜ አትመጣም። ቅዳሜ ቅዳሜ ታጥቤ በሩ አጠገብ እቀመጣለሁ።

ለእናንተ መሪ ለያዛችሁ የምነግራችሁ ይህን ነው። ቤተ ክርስቲያን አጠገብ ስታልፉ ሰዉን ተቀመጥ አትበሉት፣ አይሰማችሁም፤ የጀልባዋን አፍንጫ ወደ ደጁ አዙሩ። የፈላ ራዲያተር አይከፈትም። መክፈት ግድ ከሆነባችሁ ግን ፊታችሁን አዙራችሁ ክፈቱ።