እምቢታ ልንለምን የሄድን ዕለት

አቃቂ ባቡር ጣቢያ አጠገብ ሱቅ በነበረኝ ዘመን፣ ከሱቁ ጀርባ ያለችውን ክፍል አንድ ሽማግሌ ተከራይተውኝ ይኖሩ ነበር። የመንግሥት እህል መጋዘን ሲጠብቁ አርጅተው ጡረታ ወጡ፤ ገንዘቡ ግን አልመጣም። ሥራ የጀመሩት አዋሽ ነበርና «ፋይልዎ ከአዋሽ አልደረሰም» ይሏቸዋል። ባቡሩ ከአዋሽ ከሰል ያመጣል፣ ፍየል ያመጣል፤ ፋይል ብቻ አያመጣም።

ድሬዳዋ ሴት ልጅ አለቻቸው። ይምጡ እያለች መልእክት ትልካለች። እሳቸው ግን «ባዶ እጄን ገብቼ የአማች እጅ አላይም» ብለው ቀሩ። እኔ ደግሞ ሚስቴ ከሞተች ወዲህ ቤቴ ውስጥ ከእኔ ሌላ የሚያስል ሰው አልነበረም። አመሻሽ ላይ ባንኮኒውን ተደግፈው ስለ መጋዘን አይጥ ሲያወሩኝ ደስ ይለኝ ነበር። ስለ አይጥ የማያውቁት የለም።

ጠዋት ጠዋት ካፖርታቸውን ለብሰው ከተማ ይወጡና የጡረታ መሥሪያ ቤቱ በር ላይ ይቆማሉ። በድሮው ወግ ደጅ መጥናታቸው ነው። ኃላፊው ከመኪናው ሲወርድ ጎንበስ ብለው እጅ ይነሳሉ። ከዚያ መጥተው ውሏቸውን ይነግሩኛል።

«ዛሬ ደህና ነው። ቆም ብሎ ሰላም አለኝ።»

«ምን አለዎት?»

«ነገ ይምጡ አለኝ። በአንቱታ ነው ታዲያ።»

እኔ ሕግ የተማርኩት በግብር ነው። የሱቅ ግብር ሲጫንብኝ ይግባኝ ልል ሄጄ፣ ፍርድ ቤት ደጃፍ ጃንጥላ ሥር የሚቀመጥ ማመልከቻ ጸሐፊ «በቃል በተነገረህ ነገር ይግባኝ አይባልም፤ ውሳኔውን በጽሑፍ አምጣ» ብሎ መልሶኛል። የሽማግሌውም ነገር ያው ነበር። «ነገ ይምጡ» ውሳኔ አይደለም። እምቢ ስላልተባሉ ደስ ይላቸዋል፤ እምቢ ካልተባሉ ደግሞ የሚሰማቸው ዳኛ የለም።

«አባባ፣ እምቢ ያስብሏቸው» አልኳቸው።

«ሰላም የሚለኝን ሰው?»

«በሰላምታ ድሬዳዋ አይደረስም።»

አኮረፉኝ። ሰነበቱና፣ ልጃቸው ወንድ ልጅ መገላገሏን አንድ መንገደኛ ነግሯቸው አለፈ። በማግስቱ መጥተው «በል ሱቅህን ዝጋና እንሂድ» አሉኝ።

«ጡረታ አይከፈላቸውም ብላችሁ ጻፉልን» አልኳት መሥሪያ ቤቱ ውስጥ ያገኘናትን ሠራተኛ።

«ማን አይከፈላቸውም አለ? ፋይል አልመጣም ነው ያልነው።»

«እሱኑ ጻፊልን፣ እህቴ።»

ወደ ሽማግሌው ዞረች። «ሊከሱን ነው እንዴ፣ አባቴ?»

«እኔ አይደለሁም፣ ልጄ» አሉ ካፖርታቸውን እየቆለፉ። «ይሄ ነጋዴ ነው።»

ስንመላለስባት ሰለቻትና ጻፈችው። በእሱ ይግባኝ አልን። ይግባኝ ሰሚው ጉባኤ፣ መዝገብ ማስመጣት የመሥሪያ ቤቱ እንጂ የሠራተኛው ሥራ አይደለም ብሎ፣ አዋሽ አብረዋቸው ያገለገሉ ምስክሮችን ሰማ፤ ያልተከፈለው ሁሉ ተጠቃሎ እንዲከፈላቸው ወሰነ። ሽማግሌው ከመሥሪያ ቤቱ ነገረ ፈጅ ጋር ተሳስመው ወጡ። እኔን መጨበጥ ትዝ ያላቸው አቃቂ ከደረስን በኋላ ነው።

ማሸነፋቸው መሄዳቸው እንደሆነ ከመጀመሪያው አውቅ ነበር። ነጋዴ ነኝ፤ ምን ሰጥቼ ምን እንደምቀበል አይጠፋኝም። ማወቄ ግን ፍራሻቸውን ስንጠቀልል ምንም አላገዘኝም።

ሻንጣቸውን ይዤ ጣቢያ ድረስ ሸኘኋቸው። መቀመጫቸው በወዲያኛው ጎን ሆነና መስኮታቸው አልታየኝም። ባቡሩ ሲንቀሳቀስ እንዲሁ እጄን አነሳሁ። በወዲህኛው መስኮት የተቀመጠች የማላውቃት ሴትዮ ለእሷ መስሏት አጸፋውን መለሰችልኝ። እኔም እስክትርቅ ድረስ አውለበለብኩላት።