እናቴ የልብስ ሰፊዎች ማኅበር የገባችበት ቀን

በከሰል ካውያ የሚተኮስ እርጥብ ካኪ የራሱ ሽታ አለው። የእኔ ዘመን ልጆች ታውቁታላችሁ፤ የትምህርት ቤት ዩኒፎርማችን ሽታ ነው። ባለፈው ሳምንት አዳማ ውስጥ በአንድ ጠባብ መንገድ ሳልፍ አንድ ሽማግሌ ደጃቸው ላይ ሱሪ ሲተኩሱ ሽታው ድንገት አወደኝና ቆሜ ቀረሁ። አዳማ ናዝሬት ትባል ወደነበረበት፣ እኔም የአራተኛ ክፍል ተማሪ ወደነበርኩበት ዘመን ይዞኝ ሄደ።

አባቴ የአሰብ መስመር ሾፌር ነበር። መልኩን በቅጡ ሳላውቀው በመኪና አደጋ ሞተ። እናቴ የሺ እኔን ያሳደገችኝ በእግር በምትረገጥ አንዲት የስፌት መኪና ነው። የሰፈሩን ሴቶች ቀሚስና የሕፃናት ልብስ ትሰፋ ነበር። ጧት የሚቀሰቅሰኝ የመኪናዋ ድምፅ ነበር፤ ከትምህርት ቤት ስመለስም ከበር የሚቀበለኝ እሱው ነው። ጓደኞቼ ከወለሉ ላይ ቁርጥራጭ ጨርቅ ለቅመው አሻንጉሊት ለመሥራት እኛ ቤት መምጣት ይወዱ ነበር።

ወንዶቹ ልብስ ሰፊዎች ቀድሞ በየሱቁ በረንዳ ላይ መኪናቸውን አውጥተው ይሠሩ ነበር። ያኔም ቢሆን ደንብ ነበራቸው። አንዱ የሌላውን ደንበኛ አይጠራም። አዲስ ሰው መኪናውን በረንዳ ላይ የሚያወጣውም ነባሮቹ ሥራውን አገላብጠው አይተው ከመረቁት በኋላ ነው። በደርግ ጊዜ ባለሙያ ሁሉ በማኅበር ይደራጅ ሲባል ባቡር ጣቢያው አጠገብ አንድ አሮጌ መጋዘን ተሰጣቸው፤ መኪኖቻቸውን በጋሪ ጭነው ገቡ። በሩ ላይ የማኅበራቸው ስም በቀይ ቀለም ተጻፈ። የበረንዳውን ደንብ ግን ይዘውት ነው የገቡት፤ አዲስ አባል በሦስት ነባሮች ፊት አንድ ሙሉ ልብስ በአንድ ቀን ቆርጦ ሰፍቶ መጨረስ ነበረበት።

የእኛ ጭንቀት የጀመረው ክርና ጨርቅ የሚታደለው በማኅበር በኩል ብቻ ነው የተባለ ጊዜ ነው። እናቴ ያላት ክር እያለቀ መጣ። ደብረ ብርሃን ያለው አጎቴ መኪናዋን ሸጣ እሱ ዘንድ እንድትጠጋ ላከባት። እሷ የሰው ቤት ጥገኛ መሆንን እንደ ሞት ነበር የምትፈራው። ማኅበሩ ደግሞ ሴት ገብታበት አታውቅም። ሴት የቤት ልብስ ትሰፋለች እንጂ ኮት አትሰፋም ይሉ ነበር።

ይህን የሰማ አንድ ወጣት የቀበሌ ካድሬ ቤታችን መጣ። ክፉ ሰው አልነበረም። የሴቶች እኩልነት በሥራ መታየት አለበት፣ እኔ ደብዳቤ እጽፍና ያለ ፈተና ትገቢያለሽ አላት። እኔ በደስታ ልፈነድቅ ስል እናቴ ራሷን ነቀነቀች።

“በትእዛዝ የገባ በትእዛዝ ይወጣል” አለችው። “እንደ ወንዶቹ ይፈትኑኝ።”

ካድሬው ትንሽ አሰበና ደብዳቤውን እሷ እንዳለችው ጻፈው። የዚያን ሳምንት እናቴ የአባቴን አሮጌ ሳፋሪ ኮት ሦስት ጊዜ ፈታ ሦስት ጊዜ መልሳ ሰፋችው።

ፈተናው ቅዳሜ ስለነበር እኔንም ይዛኝ ሄደች። የመጋዘኑ ጣሪያ ቆርቆሮ ነው፤ ገና በጧቱ ወበቁ ፊት ይለበልባል። ዋናው ፈታኝ የማኅበሩ ሊቀመንበር ጋሽ ቶሎሳ ነበሩ፤ መነጽራቸውን በክር አንገታቸው ላይ ያንጠለጠሉ ረጅም ሽማግሌ። ለእናቴ “አካም ቡልቴ” ብለው ሰላምታ ሰጧትና ሥራዋን ነገሯት፤ ባለ ረጅም እጅጌ የወንድ ካኪ ሳፋሪ።

የተሰጣት ጨርቅ ቁርጥራጭ ስለነበር አጥፋ ሁለቱን ወገን ባንዴ መቁረጥ አልቻለችም። አንድ በአንድ ቆረጠች። እስከ ቀትር ድረስ ደህና ሄደላት። ገላው ተጋጠመ፣ ኮሌታው ገባ፣ ኪሶቹ ተሰፉ። እጅጌዎቹን ስታነሳ ግን እጇ ቆመ። አንዱን በአንዱ ላይ ደረበችው፤ ገለበጠችው፤ እንደገና ደረበችው። ፊቷ ሲገረጣ አይቼ አንድ ነገር እንደተበላሸ ገባኝ።

ሁለቱንም ለቀኝ እጅ ቆርጣቸው ነበር። ካኪ ደግሞ ፊትና ጀርባ አለው፤ ገልብጬ ልስፋው ቢሉት ያሳብቃል። አጠገቧ የነበረው ሰፊ ነገሩን አየና አዝኖላት ነው መሰለኝ፣ ገልብጠሽ ስፊው፣ በዚህ ብርሃን ማንም አያየውም ብሎ በሹክሹክታ መከራት። እናቴ ለአፍታ ያህል እጅጌውን ይዛ ተቀመጠች። እኔ በልቤ እሺ በይው፣ እሺ በይው እላለሁ። እሷ ግን ተነስታ ፈታኞቹ ፊት ሄደች።

“ጋሼ፣ ሁለቱንም እጅጌ ለቀኝ ቆርጫቸዋለሁ” አለች።

በየመኪናው ላይ ያለው እግር ሁሉ ቆመ። አንደኛው ፈታኝ ድሮም ብለን ነበር ብሎ አጉተመተመ። ጋሽ ቶሎሳ የተረፈ ጨርቅ እንዳለ ጠየቋት፤ እንደሌለ ነገረቻቸው።

“ታዲያ ምን ልታደርጊ ነው?”

“ሁለቱንም ከብብት ዝቅ አድርጌ እንደ አዲስ ልቁረጣቸው። አጭር እጅጌ ይወጣቸዋል።”

“እኛ ያዘዝነው ረጅም ነው።”

“አዎ ጋሼ፤ ጥፋቱ የእኔ ነው። ለባሹ የናዝሬት ሰው ከሆነ ግን አይቀየመኝም።”

ጋሽ ቶሎሳ ቀና ብለው ቆርቆሮውን አዩ። ከዚያ በላብ ደረታቸው ላይ የተጣበቀውን ሸሚዛቸውን በሁለት ጣታቸው ላቀቁት። ሳቁ ከኋላ ተነሳና መጋዘኑን ሞላው።

“ቁረጪ” አሏት።

ፀሐይ ሳትጠልቅ ጨረሰች። ጋሽ ቶሎሳ ኮቱን ገልብጠው ስፌቱን በጥፍራቸው ተከተሉት፤ የብብቱን መጋጠሚያ በሁለት እጃቸው ወጠሩት፤ ከዚያ ለሌሎቹ ሁለት ፈታኞች አቀበሏቸው። ያጉተመተመው ፈታኝ ከሁሉም ረጅም ጊዜ ወስዶ አየው። ከዚያ የመግቢያ ወረቀቷ ላይ ፈረመ።

“እዚህ ያለን ሁላችን አበላሽተን ቆርጠን እናውቃለን” አሉ ጋሽ ቶሎሳ። “ተነስቶ የተናገረ ግን አላየሁም። ሰኞ መኪናሽን አምጪ።”

እናቴ እጅ ነስታ ወጣች። ውጭ እንደደረስን ደረጃው ላይ ቁጭ አለች። የምታለቅስ መስሎኝ አጎንብሼ ባያት እየሳቀች ነው። ከአንዲት ሴትዮ የወንጂ ሸንኮራ ገዛችልኝና እየመጠጥን፣ አቧራው ላይ እየተራመድን ወደ ቤት ሄድን። ደብረ ብርሃን የሚባል ነገር ከዚያ በኋላ ቤታችን ውስጥ አልተነሳም።

ደርግ እስኪወድቅ ድረስ እዚያው ሠራች። በኋላ ማኅበሩ ሲበተን ሁሉም መኪናውን ይዞ ወደ በረንዳው ተመለሰ፤ እሷም ከነሱ መሃል ነበረች።

ዛሬ ከከተማው ዳር ኢንዱስትሪ ፓርክ አለ። የጎረቤቴ ልጅ ዘንድሮ ተፈትና እዚያ ገባች። ቀኑን ሙሉ የምትሰፋው ኮሌታ ብቻ ነው፤ ሸሚዙ አልቆ ሲወጣ አታየውም፣ የሚለብሰውንም አታውቀውም። የእኛ ይሻል ነበር ለማለት ግን አልደፍርም። ሴት ነሽ ብሎ ደጅ የሚያቆማት የለም፤ አጠገቧ ያሉት ሁሉ እንደሷው ልጃገረዶች ናቸው። የፈተናዋ ዕለት እናቷ ብቻዋን እንዳትሆን ብዬ አብሬያት ሄጄ ነበር። ልጅቷ ማለፏን ልትነግረን ከሩቅ እጇን ስታወዛውዝልን ሴትዮዋ ክንዴን የያዘችበት እጇ ላላ፤ ትንፋሿን ለቀቀችው። እኛ ልጆች ሆነን እናቶቻችንን ነበር እንዲህ የጠበቅነው።