ዳዊት መስላኝ የሳምኳት

ቱስዞርግ ከሚሉት የቤት ለቤት እርዳታ እየመጣች የምትረዳኝ ልጅ አንሶላ ስትተኩስ፣ እንፋሎቱ አፍንጫዬን ሲመታው፣ ሙርዋይክ ሰፈር፣ ቤቴ ሶፋዬ ላይ አይደለሁም። ሮተርዳም ነኝ፤ የሆቴል አንሶላ የምናጥብበት ቤት፣ ገና ጎረምሳ ሆኜ። "ኦፓ፣ ምን ያስቅሃል?" ትለኛለች፤ አያቴ ማለቷ ነው። እዚህ ሆላንድ ያደገ ልጅ አንቱ አያውቅም። ነገሩ ላንተ ይነገራል እንጂ ለሷ አይነገርም።

አብሮኝ የሚሠራ አንድ ህንድ ነበር፤ ኬረላ ከሚባል አገር። አንገቱ ላይ መስቀል አለው፣ እንደኛው ኦርቶዶክስ ነው። ምሳ ሰዓት ላይ ከመተኮሻው ማሽን ጀርባ፣ ሙቀቱ ጋ ይቀመጥና በጋዜጣ የተለበጠች ትንሽ መጽሐፍ ያወጣል። ከንፈሩ ይንቀሳቀሳል፣ ድምፅ የለውም። ዳዊት የሚደግም ነው የመሰለኝ። እኔ ፊደል ቆጥሬ የተውኩ ሰው ነኝ፤ ያን ጊዜ የማላነበው ሁሉ ቅዱስ ይመስለኝ ነበር።

አንድ ቀን ብድግ ሲል መጽሐፏ ከጭኑ እርጥብ ወለል ላይ ወደቀች። አነሳኋት፣ በሸሚዜ ጠረግኳት፣ ሳምኳት፣ ግንባሬን አስነካኋት። ዞሮ አየኝ። አንሶላ ክምር ላይ በጀርባው ወድቆ እንባው እስኪፈስ ሳቀ።

"አንተ ሰውዬ! የሳምከው ምን እንደሆነ ታውቃለህ?"

"ዳዊት አይደለም እንዴ?"

"እዚያ ውስጥ ያለችው ሴትዮ ራቁቷን ሆና ገላዋን እየታጠበች ነው!"

አማተብኩ። ከዚያ ግን፣ ምን ልዋሽህ፣ "እሺ፣ ታጥባ ስትጨርስስ?" አልኩት።

ከዚያ ወዲህ ምሳችንን እየበላን ያነብልኝ ጀመር። ቋንቋው ማላያላም ነው፤ ለኔ በተሰባበረ ሆላንድኛ ይመልስልኛል። ዋናው ቦታ ላይ ሲደርስ ቃል ያልቅበታል፣ እጁን ያወናጭፋል፣ "ይሄ በኛ ቋንቋ ብቻ ነው የሚሆነው" ብሎ ገጹን ይዘለዋል። ስንቱን ዘለለብኝ! በአገሩ "ትንሿ መጽሐፍ" ነው የሚሏት፤ እንዲህ ካሉ ሌላ አይጠየቅም። አውቶቡስ ተራ ከጋዜጣ ሥር ደብቀው ይሸጧታል። ጸጉር ቤት ከእጅ እጅ ትዞራለች። አነበብኳት የሚል የለም፣ ያላነበባት የለም። የጻፋት ሰው ስምም የውሸት ነው።

"ይቺንስ ማን ጻፋት?" አልኩት አንድ ቀን።

ማሽኑን ማሽኑን አየ። "እኔ" አለኝ።

በሴት ስም ነበር ያሳተማት። የገዛ ወንድሙ ሸሚዙ ውስጥ ደብቆ ቤት አምጥቶ ሲያነባት፣ ለብቻው ሲስቅ እያየ፣ የኔ ናት ማለት አልቻለም። "አንድ ሰው እንኳ ያንተ ናት ቢለኝ" አለ።

"ያንተ ናት" አልኩት። ለቀልድ ነበር። እሱ ግን በያዘው አንሶላ ፊቱን ሸፍኖ ቆየ።

ሌላ እጽፋለሁ ይል ነበር። ከብዙ ዓመት በኋላ አገሩ ደርሶ ሲመለስ ፊቱ ጠቁሯል። መጽሐፏ ትሸጥበት የነበረው ቦታ የሞባይል ከቨር መሸጫ ሆኗል። "ሁሉም ስልኩ ላይ ያያል፤ ማን ያነባል?" አለኝ። መጻፍን ዳግመኛ አላነሳም። እኔም ጻፍ አላልኩትም፤ ይሄ ይቆጨኛል።

አምና በብርዱ ሞተ። ከቀብሩ በፊት ሴት ልጁ መጽሐፏን ይዛ እቤቴ መጣች። እዚህ የተወለደች ናት፣ የአባቷን ፊደል አታነብም።

"ኦም፣" አለችኝ፤ አጎቴ ማለቷ ነው። "የአባቴ የጸሎት መጽሐፍ ናት አይደል? ሁልጊዜ ከንፈሩን እያንቀሳቀሰ ያነባት ነበር። ከአገሩ የመጡት ቄስ ነገ ከሷ ቢያነቡለትስ?"

ብነግራት አባቷን እነጥቃታለሁ። ዝም ካልኩ ቄሱ ሬሳው ፊት ቆመው ያቺን ሴትዮ ገላዋን ስትታጠብ ሊያገኟት ነው።

"አይሆንም" አልኳት። "የሱ ብቻ ናት። ማንም አይከፍታትም። ደረቱ ላይ አድርጊለት።"

"ለምን ግን?"

"አይሆንም አልኩሽ እኮ!" ችክ ማለት መቼም እችልበታለሁ።

በማግስቱ ሳጥኑ ሳይዘጋ፣ ልጅቷ መጽሐፏን ሳመቻት፣ ግንባሯን አስነካቻት፣ ደረቱ ላይ አኖረቻት። ያኔ እኔ ስስማት አንሶላ ክምር ላይ ወድቆ የሳቀው ሳቅ የሚመጣ መስሎኝ ጠበቅሁ። የዘለላቸው ገጾች ሁሉ እዚያው አብረውት ነበሩ።

ጎንበስ ብዬ ጆሮው ላይ፣ በአማርኛ፣ "ያንተ ናት" አልኩት።