የዴልሜን የቅዳሜ ስቶኪንግ

በሰፈራችን በአትሎን ቅዳሜ ከሰዓት በኋላ ስቶኪንግ ጭንቅላቷ ላይ ያላጠለቀች ሴት ከተገኘች፣ ወይ ታማለች ወይ ነገ የምትሄድበት የላትም። ፀጉር ታጥቦ በቢጎዲን ይጠቀለላል፤ ካስክ ሥር ይደርቃል። ከዚያ እየተበጠረ ጭንቅላት ዙሪያ ወደ አንድ አቅጣጫ ይጠመጠምና ከአሮጌ ስቶኪንግ የተቆረጠ እግር ይጠልቅበታል። ጥቂት ከቆየ በኋላ ተፈትቶ ወደ ሌላው አቅጣጫ ይዞራል። ሁለተኛው ዙር ከተዘለለ ፀጉሩ በአንድ ጎኑ ቆሞ ይቀራል፤ ቤተ ክርስቲያን ውስጥም ከኋላ የተቀመጠ ሁሉ ያያል። ዴልሜን አሬንድሴ ሁለተኛውን ዙር ዘላ አታውቅም። ፀጉር በምትሠራበት ቤት ከጎኗ ያለው የሠሪ ወንበር የኔ ስለሆነ አውቃለሁ።

የተወለደችው ዲስትሪክት ሲክስ በሚባል የከተማው መሐል ሰፈር ነው። ሲወልዷት ወንድ ነው ተብሎ የወጣላትን ስም ሰፈራችን አይጠራውም፤ እኔም እዚህ አልጽፈውም። ሙያውን ያስተማረቻት እንደ እሷው ያለች፣ ሚስ ካርሎታ የምትባል ፀጉር ሠሪ ናት። በዚያ ሰፈር እንደነሱ ያሉት የታወቁ ነበሩ። ሙሽራ የሚያስውቡት እነሱ፣ ለአዲስ ዓመት ሰልፍ ከባንዱ ፊት እየጨፈሩ የሚሄዱት እነሱ። የራሳቸው የዳንስ ምሽትም ነበራቸው፤ ቀሚሱ ወራት ቀደም ብሎ ይሰፋል፣ ቀለሙን ማንም ለማንም አይናገርም። ኋላ መንግሥት ሰፈሩን ለነጮች ብሎ ሲያፈርሰው ሁሉም በየአቅጣጫው ተበተነ። ዴልሜን ወደ አትሎን የመጣችው በጭነት መኪና ላይ ካስኩን እንደ ሕፃን ታቅፋ ነው። አልጋውን መሸከም ለወንድሞቿ ተወችላቸው።

ከመፍረሱ በፊት አንድ ጋዜጠኛ መጥቶ ነበር። የዳንሱን ምሽት ላሳይ ነው ብሎ ሲያነሳ አመሸ። የታተመው ግን አንድ ፎቶ ብቻ ነው፤ በካናቴራ ሆና፣ ፊቷ ላይ ሳሙና ተለቅልቆ፣ ምላጭ ይዛ። ከሥሩ የወንድ ስሟ። እናቷ ማ ሶፊ የቤተ ክርስቲያኑ ሴቶች ማኅበር መሪ ነበሩ፤ ያንን ክረምት በሙሉ ከቤት አልወጡም። ልጃቸውን አልተቆጡም። አለመቆጣታቸው ነው ዴልሜንን የጎዳት።

እንግዲህ ዘመኑ ተለውጦ፣ አዲሱ ሕገ መንግሥት ወጥቶ፣ የቴሌቪዥን ሰዎች ስለ ዴልሜንና ስለ ጓደኞቿ ፕሮግራም እንሥራ ብለው ሲመጡ ነገሩ ቀላል አልነበረም። ማ ሶፊ አርጅተዋል፤ ዓይናቸውም ደክሟል። ግን ልጄ በቴሌቪዥን ልትወጣ ነው ብለው ለማኅበሩ ሴቶች ቀድመው ተናግረዋል፤ ቤታቸው መጥተው አብረው እንዲያዩም ጠርተዋቸዋል።

የመጣችው ዳይሬክተር ኪርስተን ትባላለች፤ ወጣት፣ ሰው አክባሪ። ቅዳሜ ነበር፤ ቀኑን ሙሉ ቀረጸችን። ዴልሜን ስትቆርጥ፣ ስታጥብ፣ ስታሽሟጥጥ። ከሰዓት በኋላ ላይ ዝቅ ባለ ድምፅ አንድ ነገር ጠየቀቻት፦ ዊጉን አውልቀው፣ የፊትዎን ቀለም ታጥበው መስታወት ፊት ቢቀመጡልን።

«የቱን ዊግ?» አለች ዴልሜን።

ካስክ ሥር የነበሩት ጎረቤታችን አክስት ቬሮና አንገታቸውን አወጡ። «ሳቢው እንጂ ልጄ። ከነሥሩ ከመጣ ዊግ አይደለም።»

ቤቱ በሳቅ ፈረሰ። ኪርስተን ቀላች፤ ይቅርታም ጠየቀች። ሐሳቧን ግን አልተወችም። ተመልካቹ እውነተኛውን ሰው ማየት ይፈልጋል አለች፤ ክፋት አልነበረባትም።

ዴልሜን ማበጠሪያዋን ትጠርግ ጀመር። ያ የጋዜጣው ፎቶ ከነምላጩ ትዝ እንዳላት እኔ አላጣሁትም። ልታባርራቸው ትችላለች። ግን ካባረረቻቸው ሐሳባቸውን የማታውቅ ሌላ አንዷን አግኝተው ያንኑ ፎቶ ነው የሚያነሱት። እናቷም የጠሯቸውን ሴቶች ምን ሊሏቸው ነው?

«ሳልቀባ፣ ሳልኳል ልታዪኝ ከሆነ፣» አለች በመጨረሻ፣ «ቀኑ ዛሬ ነው። ግን እኔ ቅዳሜ ብቻዬን ተቀምጬ አላውቅም። ሁላችንም፣ ወይ ማንም።»

ፊቷን በሳሙና ታጠበች። ፀጉሯን ጠምጥሜ ስቶኪንጉን አጠለቅሁላት። አክስት ቬሮናም ከካስኩ ወጥተው ተጠመጠሙ፤ እሳቸውም፣ ሁለተኛውን ዙር የሚጠብቁትም ደንበኞች የከንፈር ቀለማቸውን ጠርገው፣ ስቶኪንግ እንዳጠለቁ አግዳሚው ላይ ተደረደሩ። እንደተላጠ ድንች ነው የምንመስለው። ካሜራ የያዘው ሰውዬ የት እንደሚያይ ግራ ገባው።

«ባሌ እንዲህ እያየኝ ነው ያን ሁሉ ልጅ የወለድነው፣» አሉት አክስት ቬሮና። «አንተ ምን ያስፈራሃል?»

ኪርስተን ጥያቄዋን ጀመረች፤ ስለ ልጅነት፣ ስለ ሕመም። ዴልሜን ግማሹን እንደመለሰች ግድግዳው ላይ ያለውን ሰዓት አየችና ተነሳች። ዙሩ ደርሷል። ኪርስተን ትንሽ እንድትጠብቅ ለመነቻት። «ፀጉር አይጠብቅም፣» አለችና የአክስት ቬሮናን ስቶኪንግ ገፋ አድርጋ፣ ፈትታ፣ አበጥራ፣ ወደ ሌላው ጎን አዞረችው። እኔም ከኋላዋ ቆሜ የዴልሜንን ፈታሁት። ትከሻዋ ላይ ወረደ፤ የራሷ ፀጉር ነው። ካሜራው አልቆመም ነበር።

ፕሮግራሙ ከፋሲካ በፊት ተላለፈ። ማ ሶፊ ቤት ተሰብስበን አየነው። ሙዚቃው ሰው የሞተ ያስመስል ነበር፤ ከሚወራውም የማይሆን ነገር አልጠፋም። የወንድ ስሟ ግን አልተነሳም፤ ምላጭም አልነበረም። ያ አግዳሚ ሲመጣ ከማኅበሩ ሴቶች አንዷ፣ ወይዘሮ ፍሎሪስ፣ መነጽራቸውን አስተካክለው ጠየቁ።

«ማ ሶፊ፣ የርስዎ የትኛዋ ናት?»

ማ ሶፊ ወንበራቸውን ወደ ቴሌቪዥኑ አስጠግተው ብዙ አዩ። ዴልሜን በሩ ጋ ቆማ አንገቷን ደፍታለች።

«አይታወቅም እኮ፣ ሁሉም አንድ ናቸው፣» አሉ። ወዲያው አንዷ ከአግዳሚው ስትነሳ ጣታቸውን ቀሰሩ። «ያቻት። የቬሮናን የምትፈታዋ። ልጄ ሥራ አታሳድርም።»

በቀጣዩ ቅዳሜ ወይዘሮ ፍሎሪስ ለፋሲካ ፀጉራቸውን ሊሠሩ መጡ፤ ከዚያ በፊት እኛ ዘንድ መጥተው አያውቁም። ስቶኪንግ አልያዙም ነበር። ዴልሜን ከመሳቢያዋ አንድ አውጥታ ቆረጠችላቸውና ጭንቅላታቸውን ወደ መታጠቢያው ዝቅ አደረገች።