ከጥቁሩ መስታወት ጀርባ የቀረ እጅ

«ቁሙ ብዬ በእጄ ምልክት ሰጥቻቸው ነበር» አለ ሾፌሩ። ጎረቤቴ አያ አላምረው እግራቸው ተሰብሮ አስፋልቱ ላይ ተኝተዋል።

ዛሬ ረፋድ ላይ ነው፣ እዚሁ ቢቸና። የገጫቸው መኪና ከሞጣ የመጣ ነው። አያ አላምረው እንደ አገራችን ሰው ወግ፣ ከመሻገራቸው በፊት ባርኔጣቸውን አንሥተው ለሾፌሩ እጅ ነሡ። መኪናው ጉድጓድ ፈርቶ ቀስ ሲል፣ ያሳለፋቸው መስሏቸው ገቡ።

የፊት መስታወቱ ሳይቀር ጥቁር ላስቲክ ተለጥፎበታል።

«በየት በኩል ነው እጅህን የሚያዩልህ?» አልሁት።

«ጋሼ፣ ፀሐይ እያስቸገረኝ እኮ ነው የለጠፍሁት።»

(ቢቸና ከጧት ጀምሮ እያካፋ ነው የዋለው።)

ሾፌሩ ከውጭ መታየት እንዳለበት ሕጉ በግልጽ ይናገራል። ይህ መኪና ስንት ኬላ ላይ ቆሞ «እለፍ» ተብሏል? ያሳለፉት ሁሉ ዓይን የላቸውም?

አያ አላምረው ወደ ሆስፒታል ሲጫኑ እጄን ይዘው ጠየቁኝ፤ «ምነው፣ ሰላምታዬን አላየውም እንዴ?»

አይቶታል። እሳቸው ናቸው መልሱን ያላዩት።

በእናንተስ ከተማ ጥቁር መስታወት አምኖ የተሻገረ ሰው አለ? ምን እንደደረሰበት ከዚህ በታች ጻፉ።